ሳሙኤል ጆንሰንና አስቸጋሪዎቹ ትንንሽ ቃላት

በዚህ እትም የምናቀርብላችሁ የአንድ እንግሊዛዊ ሊቅ የሕይወት ታሪክ ነው። ነገሩ የተጀመረው ግን ከእንግሊዝ አገር ሳይሆን ከኛው ከማስተማር ልምምዳችን ነው።

ለልምምድ በወጣን ጊዜ ከመካከላችን አንዱ በሰባተኛ ክፍል ጥቁር ሰሌዳ ላይ ስለ ዝናብ እንደምንወያይ የሚገልጽ ዐረፍተ ነገር በእንግሊዝኛ ሲጽፍ «ስለ»ን መዝለል ከበደውና «ዲስከስ አባውት» ብሎ ቁጭ አደረገው። ከኋላ ተቀምጠው ሲከታተሉ የነበሩት መምህራችን በዕረፍት ሰዓት ለብቻው ጠሩትና «ዲስከስ» የሚባለው ግሥ «አባውት»ን አጠገቡ እንደማያስጠጋ ነገሩት። ጓደኛችን ምክንያቱን ቢጠይቅ ምክንያት እንደሌለው፣ ልማዱ እንዲያው እንደዚያ መሆኑን ገለጡለት። መልሱ እሱን አላረካውም፤ እኛንም አላረካንም። አስተማሪ ሆኖ ምክንያት የለውም ማለት እጅ መስጠት መስሎን ነበር። በኋላ መጻሕፍት ስናገላብጥ ግን ይኸው መልስ በ1747 ዓ.ም. ተሰጥቶ አገኘነው፤ ያውም እንግሊዝኛን በዘመኑ ከማንም በላይ ያውቃል በተባለ ሰው። ሰውየው ሳሙኤል ጆንሰን ነው። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ልብ በሉልን።

ጆንሰን በመስከረም ወር 1709 በእንግሊዝ አገር በሊችፊልድ ከተማ ተወለደ። አባቱ ማይክል ጆንሰን መጽሐፍ ሻጭ ነበር። ሕፃኑ ገና ከጅምሩ የአንገት እጢ በሚያሳብጥ በሽታ ተይዞ የአንድ ዓይኑ ብርሃን ደከመ፤ ጆሮውም ተጎዳ፤ ፊቱና አንገቱ ላይ ጠባሳ ቀረበት። በዚያን ዘመን ይህን በሽታ የነገሥታት እጅ ይፈውሰዋል ተብሎ ይታመን ስለ ነበር በ1712 እናቱ ለንደን ድረስ ወስዳ ንግሥት አን እንድትዳስሰው አደረገች። አልዳነም። ካደገም በኋላ ሳያስበው ፊቱን የማኮማተርና አካላቱን የማወዛወዝ ልማድ ነበረበት። ይኸው ነገር ኋላ እንጀራውን ይዘጋበታል።

ለእንዲህ ያለ ልጅ የአባቱ ሱቅ መጠጊያ ሆነለት። ከልጆች ጋር ከመሯሯጥ ይልቅ መደርደሪያ ሥር ተወሽቆ ያገኘውን ሁሉ እያነበበ አደገ። በ1728 ኦክስፎርድ ፔምብሩክ ኮሌጅ ገባ፤ የነበረው ገንዘብ ግን ከ13 ወር በላይ አላስኬደውም። ጫማው ተቀዶ ጣቱ ሲታይ ያዘነለት አንድ ሰው አዲስ ጫማ በሩ ላይ ቢያኖርለት እንደ ውርደት ቆጥሮ ወርውሮ ጣለው ይባላል። ዲግሪ ሳይዝ ወጣ።

ከዚህ በኋላ ያለው ታሪኩ እኛን እጩ መምህራንን በቅርብ ይነካናል፤ ጆንሰን አስተማሪ ለመሆን ሞክሮ ያልቀናው ሰው ነውና። በ1732 በማርኬት ቦስወርዝ ትምህርት ቤት ረዳት መምህር ሆኖ ተቀጠረ፤ ኑሮው እንደ እስር ሆነበትና በጥቂት ወራት ውስጥ ጥሎ ወጣ። በ1735 ኤልሳቤጥ ፖርተር የምትባል፣ ባሏ የሞተባትና በዕድሜ 20 ዓመት የምትበልጠው ሴት አገባ። በሷ ገንዘብ በሊችፊልድ አጠገብ ኤድያል በተባለ ቦታ የራሱን ትምህርት ቤት ከፈተና ላቲንና ግሪክ እንደሚያስተምር በመጽሔት አስነገረ። የመጡለት ተማሪዎች በጣት የሚቆጠሩ ነበሩ። ከነሱም አንዱ ኋላ በእንግሊዝ መድረክ ስመ ጥር ተዋናይ የሆነው ዴቪድ ጋሪክ ነው። ልጆቹ ከትምህርቱ ይልቅ የመምህሩን አኳኋን እያዩ ይስቁ ነበር አሉ። ትምህርት ቤቱ ሁለት ዓመት እንኳ ሳይሞላው ተዘጋ፤ የሚስቱም ገንዘብ አብሮ ቀለጠ። ሌላ ቦታ ቢያመለክትም አንዱ ፊቱን ሲያኮማትር ልጆች ይስቁበታል ብሎ፣ ሌላው ዲግሪ የለውም ብሎ መለሰው። በመጋቢት 1737 መምህሩ ጆንሰንና ተማሪው ጋሪክ አብረው ወደ ለንደን ተነሡ።

ከለንደን በፊት ግን አንድ የኛን አገር የሚመለከት ነገር አለ። በ1735 የታተመው የጆንሰን የመጀመሪያ መጽሐፍ ስለ ኢትዮጵያ ነው። ጄሮኒሞ ሎቦ የተባለ ፖርቱጋላዊ ኢየሱሳዊ በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን አገራችን ኖሮ የጻፈውን የጉዞ ታሪክ ጆንሰን ከፈረንሳይኛ ወደ እንግሊዝኛ መለሰው። ሐዘንና ስንፍና ተጭኖት ስለ ነበር አልጋው ላይ ተጋድሞ በቃሉ እየተረጐመ አንድ ወዳጁ ይጽፍለት ነበር። የተከፈለው 5 ጊኒ ብቻ ነው።

በለንደን የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ለመጽሔት እየጻፈ በችግር አሳለፋቸው። ዋናው ሥራ የመጣው በ1746 ነው። የለንደን መጽሐፍ ሻጮች ማኅበር ገጥመው አንድ ትልቅ የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት እንዲያዘጋጅላቸው በ1,500 ጊኒ ተዋዋሉት። ለረዳቶቹም የሚከፍለው ከዚሁ ገንዘብ ነው። ፈረንሳዮች እንዲህ ያለውን ሥራ ለአንድ አካዳሚ ሰጥተው ብዙ አሥርት ዓመታት ሲፈጅባቸው ጆንሰን በ3 ዓመት እጨርሳለሁ ብሎ ተነሣ። ድፍረት እንጂ ሌላ ምን ይባላል!

በ1747 የሥራውን ዕቅድ አሳትሞ አወጣ። ጓደኛችን የጠየቀው ጥያቄ መልስ ያለው እዚህ ዕቅድ ውስጥ ነው። ጆንሰን የእንግሊዝኛ ቃላት እርስ በርስ የሚያያዙበት መንገድ በጠቅላላ ሕግ የሚያዝ አለመሆኑን ያስረዳና ምሳሌ ይሰጣል፤ ምሳሌው የሞት ነገር ነው። እስቲ መጀመሪያ አማርኛችንን እንይ። በአማርኛ ሰው በረኃብ ይሞታል፣ በወባ ይሞታል፣ በቁስል ይሞታል፣ በእርጅናም ይሞታል። ያቺ አንዲት «በ» ሁሉንም ትሸከማለች። በጆንሰን ዘመን እንግሊዝኛ ግን ወታደር በቁስሉ ሲሞት ግሡ «ዳይ»፣ መስተዋድዱ «ኦፍ» ነበር። መርከበኛ በረኃብ ሲያልቅ ደግሞ ግሡ «ፔሪሽ»፣ መስተዋድዱ «ዊዝ» ነበር። ሁለቱን መስተዋድዶች ቢያለዋውጧቸው ቋንቋውን የሚያውቅ ሁሉ ጆሮውን ይቆረቁረዋል። ለምን ቢሉ ጆንሰን ሰዋስውን ፈትሾ ምክንያት አላገኘም። በአጋጣሚ የተደለደሉ ይመስላሉ ከማለት በቀር የሚለው አልነበረውም። ስለዚህ ትክክለኛው አጠቃቀም የሚታወቀው ደኅና ጸሐፊዎች እያንዳንዱን ቃል ከየትኛው ጋር እንዳጣመሩት አንድ በአንድ በመመልከት ነው አለ። ልማዱም ቢሆን አንድ ቦታ ቆሞ አይቀርም። ዛሬ በረኃብ ለሚሞተውም ሰው «ዳይ ኦፍ» ማለት የተለመደ ሆኗል።

እዚህ ላይ ግን እኛም አንድ ነገር ጣል እናድርግ። ሁሉም መስተዋድድ ሕግ የለውም ማለት አይደለም። ጊዜ ሲነገር ለዓመትና ለወር «ኢን»፣ ለዕለት «ኦን»፣ ለሰዓት «አት» መሆኑ እኮ ማንም ተማሪ በአንድ ክፍለ ጊዜ የሚይዘው ሥርዓት ነው። የአማርኛው «በ» ሦስቱንም ስለሚጠቀልል ልጆቹ ይደናገራሉ እንጂ ሕጉስ አለ። አስቸጋሪዎቹ ከግሥና ከቅጽል ጋር ተጣብቀው የሚሄዱት ናቸው። አማርኛው ሰው ጠበቀ ይላል፤ እንግሊዝኛው «ዌይት» ብሎ «ፎር»ን ይጨምራል። አማርኛው ሙዚቃ አዳመጠ ይላል፤ እንግሊዝኛው «ሊስን» ብሎ «ቱ»ን ይፈልጋል። በተቃራኒው እኛ ወደ ክፍል ገባ ስንል ያለችውን «ወደ» እንግሊዝኛው «ኤንተር» ይውጣታል። ከእገሌ ጋር ተጋባች ብለን አስበን «ማሪድ ዊዝ» ስንል ደግሞ ትክክለኛው «ማሪድ ቱ» ሆኖ ይገኛል። እነዚህን ከአማርኛ ቀድቶ ማግኘት የለም፤ ከነግሣቸው እንደ አንድ ቃል መያዝ ብቻ ነው።

ወደ ታሪኩ እንመለስ። ጆንሰን ለንደን ውስጥ ጎፍ ስኩዌር በተባለ ሥፍራ 17 ቁጥር ቤት ተከራየ። ቤቱ ዛሬ ሙዚየም ነው። ጣራው ሥር ባለው ክፍል 6 ረዳቶች አስቀመጠ፤ 5ቱ ስኮትላንዳውያን ነበሩ። አሠራሩ እንዲህ ነው። ጆንሰን አንድ መጽሐፍ ይዞ ያነባል። ለመዝገበ ቃላቱ የሚሆን ቃል ሲያገኝ ከሥሩ በእርሳስ ያሰምርበታል፤ የቃሉን የመጀመሪያ ፊደል ከዳር ይጽፋል። ረዳቶቹ ዐረፍተ ነገሩን በብጣሽ ወረቀት ይገለብጡታል። ብጣሾቹ በፊደል ተራ ይደረደራሉ። ጆንሰን ከዚያ በኋላ ነው ትርጕም የሚሰጠው። ማለት ትርጕሙን ከራሱ አፍልቆ ምሳሌ አይፈልግለትም፤ ምሳሌዎቹን ከፊቱ ደርድሮ ትርጕሙን ከነሱ ያወጣል። መጽሐፍ ያዋሱት ወዳጆቹ መጽሐፋቸው በእርሳስ ተዥጎርጉሮ ሲመለስ ያማርሩት ነበር። አልፎም ተርፎ ሥራውን በወረቀቱ ግራና ቀኝ ገጽ ጽፎበት ኖሮ ለማተሚያ ቤት አልመች ብሎ በአንድ ወገን ብቻ እንደ ገና ሲያስገለብጥ 20 ፓውንድ ወጣበት ይባላል። ሊቅም ይሳሳታል።

ሦስቱ ዓመት ዘጠኝ ሆነ። ሚስቱ በመጋቢት 1752 መጨረሻዋን ሳታይ ሞተች። ሥራውን ይደግፋል ተብሎ ዕቅዱ የተጻፈለት መኳንንት ሎርድ ቼስተርፊልድ ለዓመታት ዘወር ብሎ ሳያየው ቆይቶ መጽሐፉ ሊወጣ ሲል በጋዜጣ ቢያሞግሰው ጆንሰን በየካቲት 1755 ደብዳቤ ጽፎ ውለታውን እንደማይፈልግ አስታወቀው። በዚያው ወር ኦክስፎርድ የማስተርስ ማዕርግ ሰጠው፤ ማዕርጉም በመጽሐፉ የፊት ገጽ ላይ ለመታተም ደረሰ። መዝገበ ቃላቱ ሚያዝያ 15 ቀን 1755 በሁለት ታላላቅ ጥራዞች ወጣ። 42,773 ቃላትና ወደ 114,000 የሚሆኑ ከመጻሕፍት የተለቀሙ ምሳሌዎች ነበሩበት። «ቴክ» ለምትባለው አንዲት ግሥ ብቻ 134 ፍች ቆጥሯል። እኛ «ወሰደ» ብለን እንደ ዋዛ የምንተረጕማት ናት እንግዲህ።

በመቅድሙ ላይ ጆንሰን ሁለት ነገር ይናገራል። አንደኛው ኑዛዜ ነው። ሥራውን ሲጀምር ቋንቋውን አጥሮ እንዳይለወጥ አደርጋለሁ ብሎ ተስፋ አድርጎ እንደ ነበረ፣ አሁን ግን ይህ ከሰው አቅም በላይ መሆኑን እንደ ተረዳ ይገልጻል። ሁለተኛው በቀጥታ እንደኛ ላሉ የውጭ ተማሪዎች የተጻፈ ይመስላል። እንግሊዝኛ ከግሥ በኋላ ትንሽ ቃል እየቀጠለ የግሡን ትርጕም ከሥሩ የመለወጥ ጠባይ እንዳለው፣ ለባዕድ ሰውም ከሁሉ የሚከብደው ይህ መሆኑን ይጠቅሳል። «ፎል» መውደቅ ነው፤ «ፎል ኢን» ሲሆን ግን መስማማት፣ «ፎል ኦን» ሲሆን ማጥቃት ይሆናል። «ጊቭ» መስጠት ነው፤ «ጊቭ ኦቨር» በሱ ዘመን መተው ነበር፤ ዛሬ ለዚሁ «ጊቭ አፕ» ይባላል። መውደቅን መስጠትን የሚያውቅ ተማሪ እነዚህን በግምት አይደርስባቸውም። ስለዚህ ጆንሰን በተቻለው መጠን እየለቀመ በየግሣቸው ሥር አስገባቸው።

ሥራው እንከን የለሽ ነው ብለን ልናሳስታችሁ አንፈልግም። በመዝገበ ቃላቱ መግቢያ ባለው ሰዋስው ለአገባብ የሰጠው ቦታ ጥቂት መስመሮች ብቻ በመሆኑ ያን ጊዜውኑ ተነቅፎበታል። ከነዚያ ጥቂት መስመሮች አንዷ ግን ስለ መስተዋድድ ናት፤ ከመስተዋድድ በኋላ የሚመጣ ተውላጠ ስም የተሳቢነት መልክ እንዲይዝ ታዛለች፤ «አይ» ሳይሆን «ሚ»፣ «ሂ» ሳይሆን «ሂም» ማለት ነው። ይህችስ ሕግ አትናወጥም፤ ተማሪዎቻችንም ይያዟት።

የሚያስገርመው ጆንሰን ራሱ ያስተማረውን ሳይጠብቅ የቀረበት ቦታ መኖሩ ነው። «አቨርስ» የሚባለው ቅጽል አንድን ነገር የሚጠላ፣ ፊቱን ያዞረ ማለት ነው። በላቲን ከአንድ ነገር ፊትን መመለስ ስለ ነበር በእንግሊዝኛም ተገቢው «ፍሮም» ነው፣ «ቱ» ማለት ብዙ ጊዜ ቢሰማም ስሕተት ነው ብሎ ፈረደ። ምክንያት የለውም ያለው ሰው እዚህ ምክንያት አመጣ! ልማዱ ግን አልሰማውም። የዛሬ እንግሊዝኛ «አቨርስ ቱ» ይላል። ቃል በቃል ሲመለከት ካገኘው ብዙው ቆሞለታል፤ ከላቲን ያመጣው ፍርድ ግን ወድቋል። በሌላ በኩል ስሕተቱን ሲነግሩት የማይሸሽግ ሰው ነበር። የፈረስን ሰኮና አናት ጉልበት ብሎ ተርጕሞ ኖሮ አንዲት ሴት ለምን እንዲህ እንዳደረገ ብትጠይቀው ባለማወቁ መሆኑን አንድም ሰበብ ሳይጨምር ነገራት። ክፍል ውስጥ ላለማፈር ስንል ሕግ ፈጥረን የምንናገር ሰዎች ይህችን ታሪክ ሁለት ጊዜ ብናነባት አይከፋም።

አንድ ቅሬታ ግን አለን። ደኅና ጸሐፊዎችን አንብባችሁ ልማዱን ልቀሙ ማለት መጽሐፍ ሻጭ አባት ላለው ልጅ ጥሩ ምክር ነው። ለልምምድ የሄድንበት ክፍል ግን አንድ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ለሦስት ልጆች ነበር። ለነዚያ ልጆች የሚለቅምላቸው ከየት ይመጣል? በዚህ ጉዳይ ስንከራከር አመሸን፤ የደረስንበትን ከታች ታዩታላችሁ።

መዝገበ ቃላቱ ክብር እንጂ ሀብት አላመጣለትም። ገንዘቡ ቀድሞ አልቆ ነበርና በመጋቢት 1756 በ5 ፓውንድ ከ18 ሺሊንግ ዕዳ ተይዞ ደራሲው ሳሙኤል ሪቻርድሰን ገንዘብ ልኮ አስለቀቀው። በጥር 1759 እናቱ ዐረፈች። ለቀብሯና ለዕዳዋ የሚሆን ገንዘብ ለማግኘት በአንድ ሳምንት ማታ ማታ «ራሴላስ»ን ጻፈ፤ 100 ፓውንድ አገኘበት። በታሪኩ ውስጥ አንድ የኢትዮጵያ ልዑል በአማራ ምድር ባለ ውብ ሸለቆ ተዘግቶበት ይኖራል፤ ደስታን ፍለጋም አምልጦ ይወጣል። ጆንሰን አገራችንን አላየም፤ የነገሥታት ልጆች በአምባ ላይ ይጠበቁ እንደ ነበር ግን ከመጻሕፍት ያውቃል። ይህን መጽሐፍ የብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ልጅ ሲራክ ኅሩይ ወደ አማርኛ መልሶታል።

በ1762 ንጉሥ ጆርጅ ሣልሳዊ በዓመት 300 ፓውንድ ጡረታ ስለ ቈረጡለት ከዚያ ወዲያ ችግር አልነካውም። በ1763 የሕይወት ታሪኩን የጻፈለትን ጄምስ ቦስዌልን ተዋወቀ። በ1765 የሼክስፒርን ሥራዎች አርሞ አወጣ። ቤቱ የድሆችና የሕሙማን መጠለያ ነበር። ሚስቱ በሞተች ሰሞን ወደ ቤቱ የመጣውን በጃማይካ በባርነት የተወለደውን ፍራንሲስ ባርበርን በራሱ ወጪ ትምህርት ቤት አስገብቶ አስተማረው፤ ሲሞትም ከንብረቱ አብዛኛውን ለሱ አወረሰው። ትምህርት ቤት መክፈት ያልሆነለት ሰው አንድ ተማሪ እንደዚህ አድርጎ አሳደገ።

በሰኔ 1783 ሌሊት ምላሱ ተሳሰረ። አእምሮው እንዳልተነካ ለማወቅ በልቡ በላቲን ጸሎት በግጥም ገጠመ፤ ግጥሙ ጥሩ አለመሆኑን ስላወቀ አእምሮው ደኅና መሆኑን ተረዳ። ንግግሩ ተመለሰለት። ታኅሣሥ 13 ቀን 1784 በ75 ዓመቱ ዐረፈ፤ ዌስትሚንስተር አቢ ተቀበረ።

አሁን ከዚህ ጋዜጣ ግርጌ የሰቀልነውን የጫማ ካርቶን ተመልከቱ። ባዶ ብጣሽ ወረቀቶች ከጎኑ አሉ። ስታነቡ ያገኛችሁትን ግሥ ከነመስተዋድዱና ከነዐረፍተ ነገሩ ጻፉና ክተቱ፤ ያነበባችሁበትን መጽሐፍ ስም አትርሱ። በፊደል ተራ ደርድረን፣ ገልብጠን፣ ለማስተማር ስንመደብ እያንዳንዳችን አንድ አንድ ቅጂ ይዘን እንሄዳለን። መጽሐፍ ለሌላቸው ልጆች ያሰብነው ይህንኑ ነው። የመጀመሪያዎቹን ጥቂት ወረቀቶች እኛ ከተናል። «ዌይት» አለ፣ ከጎኑ «ፎር»። «ዳይ» አለ፣ ከጎኑ «ኦፍ»። «ዲስከስ»ም አለ። ጓደኛችን በራሱ እጅ የጻፈው ነው፤ ከጎኑ ያለውን ቦታ ባዶውን ትቶታል።